ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ፦ የፒያሳን የውስጥ ሰፈሮች በአስጎብኚ ለማየት

"ፒያሳን አሳየኝ" ይሉኛል። ከውጭ የመጣ ዘመድ፣ ከአዳማ የመጣ ጓደኛ፣ ሲኤምሲ ተወልዶ ያደገ ጎረምሳ ሳይቀር። ጥያቄው ሁሌም አንድ ነው። "ከጊዮርጊስና ከጣይቱ ሆቴል ሌላ ምን አለ? የውስጥ ሰፈሮቹ እንዴት ነው የሚገባባቸው? ማንን ይዤ ልሂድ?" ለእያንዳንዱ በስልክ ሳስረዳ ጉሮሮዬ ደረቀ። ስለዚህ አንዴ ልጻፈው፤ ከእንግዲህ የጠየቀኝን ሁሉ እዚህ እልከዋለሁ።

መመሪያው ለግማሽ ቀን የእግር ጉዞ ነው። ከአራዳ ጊዮርጊስ ይነሳል፣ ሰባ ደረጃ በሚባለው የድንጋይ ደረጃ ይወርዳል፣ ራስ መኮንን ድልድይን ይሻገርና አራት ኪሎ ያበቃል። ሳትቆሙ ብትሄዱት ከግማሽ ሰዓት ብዙም አያልፍም። እኛ ግን አራት ሰዓት እንፈጅበታለን። ያ ሁሉ ጊዜ የት እንደሚገባ እየቆየ ይገባችኋል።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

• ሶሉ የማያንሸራትት ጫማ። የውስጥ መንገዱ ኮብልስቶን ነው፤ ዝናብ ሲነካው ሳሙና ይሆናል። ነጭ ስኒከር የሚያደርግ ሰው ቀኑን ሙሉ እግሩን ሲያይ ይውላል።
• ነጠላ ወይም ሻርፕ። ቤተ ክርስቲያን ግቢ ለመግባት ነው፤ ጠዋት ብርድም ይከላከላል።
• ዝርዝር ብር። የጀበና ቡና የምታፈላ ልጅ ለአንድ ስኒ ትልቅ ኖት ስትሰጧት መልስ ፍለጋ ሦስት ሱቅ ትዞራለች። ቴሌብር ብዙ ቦታ ይሠራል፤ ኔትወርክ ሲጠፋ ግን ዝርዝር ያድናል።
• መታወቂያ። ከውጭ ለመጣችሁ ቢጫ ካርድ (የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያ) ወይም የፓስፖርት ኮፒ። ዋናውን ፓስፖርት ቤት ተዉት።
• ግማሽ ሊትር ውሃና ሶፍት። ከዚያ በላይ ውሃ አትያዙ። መጸዳጃ ቤት የምታገኙት ካፌ ስትገቡ ብቻ ነው።
• ጃንጥላ። ለዝናብም ለፀሐይም።
• ቻርጁ የሞላ ስልክ፤ ካላችሁ ፓወር ባንክ።

የአንገት ወርቅ፣ ትልቅ የጀርባ ቦርሳና ክንድ የሚያክል ሌንስ ያለው ካሜራ ቤት ይቅር። ቦርሳው ጠባቡ መንገድ ላይ ሰው ይገፋል። ካሜራው ደግሞ ሰላም ከማለታችሁ በፊት በር ያዘጋል።

ደረጃ 1፦ ቀኑን ምረጡ

ቅዳሜ ጠዋት ከሁሉም ይሻላል። ሱቁ ክፍት ነው፣ የሥራ ግርግሩ ቀንሷል፣ የሰፈሩ ሰውም ቤቱ ነው። እሑድ ጠዋት መንገዱ ጭር ስለሚል ለፎቶ ይመቻል። ግን ግማሹ ሰው ቤተ ክርስቲያን ነው፣ ሱቁም አርፍዶ ነው የሚከፈተው። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚመጣ ሰው የተዘጋ በር ሲያይ አርፍዶ ይመለሳል።

ከዚያ ካላንደር እዩ። በየወሩ በ23 ጊዮርጊስ ነው፤ ግቢው በነጠላ ይሞላል፣ አስጎብኚያችሁ የሚለውንም አትሰሙም። የካቲት 23 ደግሞ የዓድዋ በዓል ጭምር ስለሆነ ምኒልክ አደባባይ ዙሪያ መንገድ ይዘጋል። በዓሉን ማክበር ከፈለጋችሁ ሂዱ፤ ለሰፈር ጉብኝት ግን አይሆንም።

ክረምት ላይ ከሆነ ጠዋቱን ተጠቀሙ። ከሰኔ እስከ መስከረም ዝናቡ ብዙ ጊዜ ከሰዓት በኋላ ነው የሚወርደው። ጠዋት 2 ሰዓት የጀመረ ሰው 6 ሰዓት ላይ ጨርሶ ካፌ ተቀምጦ ዝናቡን ያያል።

ደረጃ 2፦ አንድ ሳይሆን ሁለት ሰው ያዙ

አብዛኛው ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው። ለውስጥ ሰፈር አንድ አስጎብኚ አይበቃም።

አንደኛው ፈቃድ ያለው አስጎብኚ ነው። ሕንፃውን ያውቃል፣ ዓመተ ምሕረቱን ያውቃል፣ "ምን እየሠራችሁ ነው?" የሚል ፖሊስ ሲመጣ መታወቂያውን አውጥቶ ያስረዳል። ሁለተኛው የሰፈር ልጅ ነው። እዚያ ተወልዶ ያደገ፣ ወይ አሁንም እዚያው የሚኖር። እንግሊዝኛ አያስፈልገውም፣ ዓመተ ምሕረትም አይጠበቅበትም።

ለምን ሁለት? አንድ ጠባብ መንገድ ገባችሁ እንበል። በር ላይ አንዲት እናት ተቀምጠው ሽንኩርት ይከትፋሉ። አስጎብኚው "እማማ፣ እንደምን አደሩ?" ይላል። እማማ ቢላዋውን ሳያስቀምጡ ቀና ብለው ያዩታል። "እግዚአብሔር ይመስገን። የማን ልጅ ነህ?" አስጎብኚው መልስ የለውም። "ጎብኚዎች ይዤ ነው" ይላል። "እሺ እለፉ" ይሉታል፤ ታልፋላችሁ። በቃ፣ ያ ሰፈር አለቀ።

የሰፈሩ ልጅ ካለ ግን የሚመልሰው አለው። "የወፍጮ ቤቷ ልጅ ነኝ፣ ከላይ ከቦኖው ጎን።" ቢላዋው ሽንኩርቱ ላይ ይቆማል። "ውይ! አንተ ነህ እንዴ? እንዲህ አድገህ! እናትህ ደህና ናት?" ከዚያ በርጩማ ይመጣል። ከበርጩማው በኋላ ያለው ሁሉ ቀላል ነው።

የሰፈር ልጅ ከየት ይገኛል? ከምታስቡት በላይ ቅርብ ነው። የፒያሳ ልጅ ነበርኩ የሚል የሥራ ባልደረባ የሌለው የአዲስ አበባ ሰው አላየሁም። ብዙዎቹ አሁን ጀሞ፣ አያት ወይም ገላን ጉራ ናቸው። ለቅዳሜ ጠዋት "ናና የድሮ ሰፈርህን አሳየን" ብትሉት ደስ ብሎት ይመጣል። እንዲያውም ከሰፈሩ የወጣ ሰው ከሚኖርበት የተሻለ ያሳያል። አሁን ያለውን ብቻ ሳይሆን የነበረውንም ያያል፤ "እዚህ ጋ የፀጉር ቤት ነበር" ብሎ ባዶ ቦታ ላይ ይቆማል።

አስጎብኚውን ከመቅጠራችሁ በፊት እነዚህን ጠይቁት፦

• መጨረሻ ጊዜ መንገዱን የሄድክበት መቼ ነው? "በየጊዜው እሄዳለሁ" መልስ አይደለም። ቀን ይንገራችሁ።
• ሰፈሩ ውስጥ ስም ጠርተህ ሰላም የምትለው ሰው አለ?
• አንዱ መንገድ ተዘግቶ ብናገኝ በየት ትወስደናለህ?
• ከስንት ሰው በላይ አትወስድም? "ስንትም ቢሆን ችግር የለም" ካላችሁ ሌላ ፈልጉ።

የቡድናችሁ ቁጥር ከስድስት አይብለጥ። መንገዱ ሁለት ሰው ጎን ለጎን የማያስኬድበት ቦታ አለ። አሥር ሰው ሲገባ ሰልፍ ይመስላል፤ ፊተኛው ታሪኩን ሲሰማ ኋለኛው የሚያየው የፊተኛውን ማጅራት ነው።

ደረጃ 3፦ መንገዱን ቀድማችሁ አስፈትሹ

የሰፈር ልጁ ከጉዞው ሁለት ቀን በፊት መንገዱን በእግሩ ይሂደው። በስልክ መጠየቅ አይበቃም።

ምክንያቱን ታውቁታላችሁ። በ2016 የኮሪደር ልማቱ ከጀመረ ወዲህ የፒያሳ መልክ ተለውጧል። ዶሮ ማነቂያ የሚባለው ሰፈር ፈርሷል። በ2017 መጀመሪያ ደግሞ የካዛንቺስ ተራ መጣ። ባለፈው ወር የነበረ መንገድ ዛሬ በቆርቆሮ ታጥሮ ሊጠብቃችሁ ይችላል። እኔ ራሴ አንድ ጊዜ "ባለፈው ወር አይቼዋለሁ" ብዬ ስድስት ሰው ይዤ ሄድኩ። አጥር። በቀዳዳ እያየን "እዚያ ጋ የነበረው ቤት በረንዳው…" እያልኩ ሩብ ሰዓት አወራሁ። ስድስት ሰው አሰልፌ ቆርቆሮ አስጎበኘሁ ማለት ነው። ከዚያ ወዲህ ሳላስፈትሽ አልሄድም።

ሲፈትሽ የሚያየው፦ የትኛው መንገድ ያሳልፋል፣ የት ተቆፍሯል፣ ጀበና የምታፈላዋ ልጅ ቦታዋ አለች ወይ፣ ሰፈሩ ውስጥ ለቅሶ አለ ወይ። ካሜራ የያዘ ቡድን ከሆናችሁ ለእድሩ ዳኛ ወይም ለወረዳው ቀድሞ መንገር ከጭቅጭቅ ያድናል።

ደረጃ 4፦ ሰዓቱንና ሂሳቡን በጽሑፍ ተስማሙ

ሰዓት ሲባል በሀበሻ ነው በፈረንጅ? ቀልድ አይደለም። ከቶሮንቶ ከመጣች የአክስቴ ልጅ ጋር "8 ሰዓት ጊዮርጊስ በር ላይ" ብለን ተቀጣጠርን። እሷ በፈረንጅ ቆጥራ ጠዋት 2 ሰዓት ላይ ደረሰች። እኔ ደግሞ ምሳዬን በልቼ 8 ሰዓት ላይ። ያን ቀን ያየችው የጊዮርጊስን በርና የእኔን ሰበብ ነው። "ጠዋት 2 ሰዓት በሀበሻ" ብላችሁ ጻፉ።

ሂሳቡንም እንዲሁ። ለቡድኑ ነው ወይስ በሰው? ቡና፣ የሙዚየም መግቢያና ታክሲ ይጨምራል? የሰፈር ልጁ የሚከፈለው በእናንተ ነው ወይስ በአስጎብኚው? ይቺ የመጨረሻዋ ካልተነሳች ማታ ላይ ሁለቱ ሲጨቃጨቁ መሐል ትቆማላችሁ።

ደረጃ 5፦ ከላይ ጀምሩ

ጠዋት 2 ሰዓት አራዳ ጊዮርጊስ ተገናኙ። ከዚህ የምንጀምረው ከፍታው ላይ ስለሆነ ነው። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በላይ ነች፤ ከቆላ ወይም ከውጭ የመጣ ሰው ዳገት ላይ ትንፋሹ ይቆራረጣል። ከአራት ኪሎ ተነስታችሁ ወደ ፒያሳ ከመጣችሁ ደረጃውን ሁሉ ወደ ላይ ነው የምትወጡት። በእኛ አቅጣጫ የሚቀራችሁ አንድ ዳገት ነው፣ እሱም መጨረሻ ላይ።

ግቢው ውስጥ ሃያ ደቂቃ ይበቃል። ቤተ ክርስቲያኑ ስምንት ማዕዘን ነው፤ በዝግታ አንድ ዙር ዙሩት። ውስጥ የሚገባ ጫማውን ያውልቅ። ሙዚየሙን ለሌላ ቀን ተዉት። ከፊት ለፊት ያለውን የዓድዋ ድል መታሰቢያም እንዲሁ። ጥሩ ነው፣ ግን ከገባችሁ ግማሽ ቀናችሁን ይበላል፤ የመጣችሁት ደግሞ ለሰፈር ነው።

ደረጃ 6፦ የቦታ ስም ያዙ

ወደ ውስጥ ከመግባታችሁ በፊት አስጎብኚው የምታልፉባቸውን ስሞች በተራ ይንገራችሁ። አራዳ፣ አትክልት ተራ፣ ሰራተኛ ሰፈር፣ ደጃች ውቤ፣ ሰባ ደረጃ፣ እሪ በከንቱ፣ አርመን ሰፈር፣ አፍንጮ በር። ሁሉንም አትረግጡም፤ ግን ስማቸው ያስፈልጋችኋል።

ለምን? ብትጠፉ የስልክ ካርታ ለእነዚህ መንገዶች ብዙ አይረዳም። የሚረዳችሁ መንገድ ላይ የቆመ ሰው ነው፤ እሱ ደግሞ የሚያውቀው በስም ነው። ስሙ ከቦታው በላይ እድሜ አለው። የአትክልት ገበያው በ2012 በኮሮና ጊዜ ወደ ጃን ሜዳ ከተነሳ ወዲህ አልተመለሰም፤ ሰዉ ግን እስካሁን "አትክልት ተራ ጋ ውረዱ" ይላል። አትክልት ፈልጋችሁ ብትሄዱ አንድ ቃሪያ አታገኙም። "ዱሮ እንትና ሱቅ የነበረበት ጋ ታጠፉ" የሚል አቅጣጫ ሲሰጣችሁ አትሳቁ። ሱቁ የት እንደነበረ ቀጣዩን ሰው ጠይቁ፤ ያውቀዋል።

ደረጃ 7፦ ቀና ብላችሁ እዩ

በጣይቱ ሆቴልና በሀገር ፍቅር ቴአትር በኩል ወደ ውስጥ ስትገቡ ሰው ሁሉ እግሩ ስር ነው የሚያየው፤ ኮብልስቶኑን ስለሚፈራ። ስለዚህ ሕግ አውጡ፦ ስትሄዱ እግራችሁን፣ ስትቆሙ ጣራውን። እየሄዱ ጣራ ማየት ክፍት ጉድጓድ ውስጥ ይከታል።

ስትቆሙ የምትፈልጉት ይሄ ነው። ፎቅ ላይ የወጣ የእንጨት በረንዳ። የበረንዳው ጫፍ ላይ እንደ ቀሚስ ጥለት የተቀረጸ ሳንቃ። ጭቃው ተነስቶ ውስጡ ያለው እንጨትና ጭድ የሚታይበት ግድግዳ። በአንድ ትልቅ ቤት ላይ አምስት የመብራት ቆጣሪ ካያችሁ አምስት ቤተሰብ ተከፋፍሎ ይኖርበታል ማለት ነው፤ በረንዳው ላይ የተሰጣው ልብስም የአምስት ቤት ነው። እዚህ ጋ ድምፃችሁን ዝቅ አድርጉ። በመስኮቱ ስር ቆማችሁ "ውይ እንዴት አርጅቷል!" ስትሉ ውስጥ ያለው ሰው ይሰማል።

ደረጃ 8፦ ሰላምታ፣ ቡና፣ ከዚያ ጥያቄ

ቅደም ተከተሉን አትገልብጡ። ሰላምታው ሙሉ ይሁን፤ "ሰላም ነው?" ብሎ ማለፍ እዚህ አይሠራም። እንደምን አደሩ፣ ደህና ነዎት፣ ልጆች ደህና ናቸው። ለታላቅ አንቱ። ከውጭ ያደጉ ልጆች አንቱታው ከጠፋባቸው "እማማ" እና "አባባ" ይበሉ፣ ግማሹን ያቃልላል።

ቡናው የአራቱ ሰዓት ትልቁ ቁራጭ ነው። ቢያንስ ሃምሳ ደቂቃ ስጡት። የሰፈር ልጁ ሲፈትሽ ያያት ጀበና የምታፈላ ልጅ ጋ ቁጭ በሉ፤ ካፌ አይደለም የምላችሁ። ካፌ ውስጥ የምታገኙት እንደ እናንተ መንገደኛ ነው። በርጩማ ላይ የምታገኙት የሰፈሩን ሰው ነው። አንዱ ለሲጋራ ይመጣል፣ አንዷ ልጇን ስትልክ ቆም ትላለች፣ አንድ ሽማግሌ ጋዜጣቸውን ይዘው ይቀመጣሉ። የሰፈር ልጁ ያስተዋውቃችኋል። ያኔ ጠይቁ።

ጥያቄው ትንሽ ይሁን። "የሰፈሩን ታሪክ ይንገሩን" ስትሏቸው ሽማግሌው እንደ ሬዲዮ ቃለ መጠይቅ ይደርቃሉ። "አባባ፣ ይሄ ደረጃ ላይ በልጅነትዎ ወድቀው ያውቃሉ?" በሏቸው። ከዚያ ማስቆም ነው ችግሩ።

ለሁሉም ቡና ክፈሉ፤ አብረዋችሁ ለተቀመጡትም። ሰፈሩ ውስጥ ብር ማከፋፈል ግን አይሆንም፤ በተለይ ለልጆች። ዛሬ ለአንዱ የሰጣችሁት አሥር ብር ነገ ለሚመጣው ቡድን ሃያ ልጅ ያስከትላል፤ የሰፈር ልጁም በእናቶቹ ይወቀሳል።

ደረጃ 9፦ ፎቶ

ሰው ፎቶ የሚነሳው ከቡናው በኋላ ነው። ከቡናው በፊት ግድግዳና ሰማይ አንሱ። አንድ ጊዜ አብራን የነበረች ልጅ በርበሬ የሚያሰጡ እናት አየች። ቀዩ በርበሬ፣ ነጩ ነጠላ፣ ጠዋት ፀሐይ። ሳትጠይቅ አነሳች። እናትየው ምንም አላሉም። ጅባውን ከነበርበሬው ጎትተው ወደ ውስጥ አስገቡና በሩን ዘጉ። ለሁለት ሰዓት ያህል በዚያ መንገድ ያለው በር ሁሉ ዝግ ሆነብን። ዜናው በምን እንደሄደ አላውቅም።

ጠይቁ፤ ያነሳችሁትን አሳዩ፤ "አልወደድኩትም" ካሉ እዚያው ፊታቸው አጥፉ።

ደረጃ 10፦ ሰባ ደረጃና ድልድዩ

ሰባ ደረጃን የሚወርድ ሁሉ ይቆጥረዋል። ቁጠሩት፣ ግን አንድ ሰው ከታች ይጠብቅና የእያንዳንዱን ቁጥር ይቀበል። እስከ ዛሬ ሁለት ሰው አንድ ቁጥር ይዞ ሲወርድልኝ አላየሁም። ቆጠራው ጥቅሙ ሌላ ነው፤ የሚቆጥር ሰው በዝግታ ይወርዳል። ድንጋዩ መሐሉ በእግር ብዛት ለስልሷል፤ ጠርዝ ጠርዙን ያዙ። የሚወጡ እናቶች እቃ ተሸክመው ስለሚሆን ቅድሚያ ስጧቸው። መሐል ላይ ተቀምጣችሁ ፎቶ ስትነሱ መንገድ እየዘጋችሁ ነው፤ ለእናንተ ጌጥ ይሁን እንጂ ለሰፈሩ የገበያ መንገድ ነው።

ታች ራስ መኮንን ድልድይ ላይ አምስት ደቂቃ ቁሙ። ወደ ወንዙ አትውረዱ፤ ውሃው ንጹሕ አይደለም።

ደረጃ 11፦ አርመን ሰፈር፣ ዳገቱና መጨረሻው

ከድልድዩ ወዲያ አርመን ሰፈር ነው። ቤተ ክርስቲያናቸው በእኛው ቅዱስ ጊዮርጊስ ስም ነው፤ ይቺን ለልጆች ንገሯቸው፣ ደስ ይላቸዋል። በሩ ብዙ ጊዜ ዝግ ስለሆነ አስጎብኚው ቀድሞ ይደውል።

ከዚያ ያልኳችሁ ዳገት ይመጣል። ጉልበት የሚያማቸው ካሉ ከድልድዩ አራት ኪሎ ሚኒባስ ያዙላቸው፤ ሌሎቹ በእግር። አራት ኪሎ ካፌ ገብታችሁ አንዱን እርጥብ፣ አንዱን ማኪያቶ አድርጉ። ሂሳብ እዚህ ዝጉ። ለሁለቱም ለየብቻ፣ በእጃቸው።

ማስጠንቀቂያ

አራት ኪሎ ስትደርሱ ስልካችሁ ኪሳችሁ ይግባ። ቤተ መንግሥት፣ ፓርላማ፣ ወታደር፣ የጥበቃ ማማ ፎቶ አይነሳም። "አላወቅኩም ነበር" የሚለው ስልካችሁን ቶሎ አያስመልስም። ወርቅ ቤትና ባንክ ፊት ለፊትም ዘበኛው ስለሚቆጣ ተዉት። ድሮን ያለ ፈቃድ አይታሰብም።

ፒያሳ ዋናው መንገድ ላይ ኪስ አውላቂ አለ። ዘዴው አንድ ነው፦ አንዱ ይገፋችኋል ወይም የሆነ ነገር ልብሳችሁ ላይ ያፈሳል፣ "ይቅርታ" እያለ ሲጠርግላችሁ ሌላው ይሠራል። የሚጠርግላችሁን አትቀበሉ፤ ራቅ በሉ። ቦርሳ ከፊት።

"እኔ ላሳያችሁ" እያለ የሚከተል ጎረምሳ ይኖራል። "ሰው አለን ወንድሜ፣ እናመሰግናለን" በሉት፣ አንድ ጊዜ። ክርክር ከጀመራችሁ እስከ ድልድዩ ይከተላችኋል።

ሰፈር ውስጥ የለቅሶ ድንኳን ካጋጠማችሁ ወሬ ቁረጡ፣ ኮፍያ አውልቁ፣ በሌላ መንገድ ዙሩ። ሌላ መንገድ ከሌለ ገብታችሁ ትንሽ ቁጭ በሉና "እግዜር ያጽናችሁ" ብላችሁ ውጡ። እንደ ቲያትር ቆሞ ማየት ነውር ነው።

ብዙ ጊዜ የሚሠሩ ስህተቶች

መርካቶን በዚያው ቀን መጨመር። "ቅርብ አይደል እንዴ?" ይሉኛል። ቅርብ ነው። ግን ምናለሽ ተራ ብቻውን፣ ያ ሁሉ መዶሻ አሮጌውን ቆርቆሮ ምድጃ ሲያደርግ ለማየት፣ ግማሽ ቀን ይፈልጋል። ሌላ የሰፈር ልጅም ያስፈልጋል፤ የፒያሳው ልጅ መርካቶ ሲገባ እንደ እናንተ እንግዳ ነው።

በመኪና መምጣት። ማቆሚያ ፍለጋ የጠፋው ጊዜ የቡናው ጊዜ ነው። ደግሞ መኪናችሁ ጊዮርጊስ ቀርቶ እናንተ አራት ኪሎ ነው የምትጨርሱት።

ቁርስ ሳይበሉ መምጣት። 4 ሰዓት ላይ ሰዉ ሁሉ ስለ ሆዱ ነው የሚያስበው፤ በረንዳ አይታየውም።

ማልቀስ። ይሄ በተለይ ከሰፈሩ ወጥተው ለቆዩ ነው። ማልቀሱስ ይሁን፤ ግን አሁንም እዚያ ለሚኖረው ሰው "ሰፈሩ ሞተ" አትበሉት። እሱ አልሞተም፤ ቡና እያስፈላላችሁ ነው።

"ፎቶውን እልካለሁ" ብሎ መጥፋት። ቃል ከገባችሁ አሳጥባችሁ በሰፈር ልጁ በኩል ላኩ፤ ብዙዎቹ እናቶች ስማርት ስልክ የላቸውም፣ በእጅ የሚያዝ ነው የሚፈልጉት። እኔ ከአንድ ቡድን በኋላ ሰባ ደረጃ አጠገብ ያሉ አንዲት እማማ በሄድኩ ቁጥር ይጠይቁኛል። "ያቺ ቀይ ሹራብ የለበሰችዋ ልጅ፣ ፎቶዬን ላከች?" እላቸዋለሁ፣ "መንገድ ላይ ነው እማማ።" ሦስት ዓመት ሆነው። ባለፈው ደግሞ "ከየት አገር ነው በእግሩ የሚመጣው?" አሉኝ።